አጌሌኒዴ፦ የሸረሪት ቤተሰብ ስም ምን ይነግረናል?

(የመግቢያ ሙዚቃ ከፍ ብሎ ይሰማል፤ ቀስ እያለ ዝቅ ይላል)

አዘጋጅ፦ የዛሬው ትምህርታችን ስለ አንድ የሳይንስ ስም ነው። ስሙ «አጌሌኒዴ» ይባላል። ድራቸውን ጠፍጣፋ አድርገው ዘርግተው፣ በአንድ ጥጉ ላይ መደበቂያ ቱቦ የሚሠሩ ሸረሪቶች የሚጠሩበት የቤተሰብ ስም ነው። ተማሪዎች እስክሪብቶና ወረቀት አዘጋጁ። መምህራን፣ አርሶ አደሮችና የጤና ባለሙያዎችም ጉዳዩ ይመለከታችኋልና አብራችሁን ቆዩ። በዝግጅቱ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ ሸረሪቷን እንወቃት። ጤዛ በወረደበት ማለዳ በአጥር ቁጥቋጦ፣ በሣር ወይም በቡና ማሳ ዳር ብታልፉ፣ በቅጠሎቹ ላይ እንደተነጠፈ ሆኖ የሚያብረቀርቅ ነጭ ድር ታያላችሁ። ጠጋ ብላችሁ ስታዩት አንዱ ጥጉ እየጠበበ ሄዶ ወደ ቅጠሉ ወይም ወደ ሣሩ ውስጥ የሚገባ ቱቦ ይሆናል። ባለቤቷ ከዚያ ቱቦ አፍ ላይ ሆና ትጠብቃለች። የቱቦው የኋላ ጫፍ ብዙውን ጊዜ ክፍት ስለሆነ ጠላት ከፊት ሲመጣባት በኋላ ታመልጣለች።

የዚህ ቤተሰብ ድር በአብዛኛው አይጣበቅም። ታዲያ እንዴት ታድናለች? ድሩ ላይ ያረፈች ዝንብ ወይም ፌንጣ እግሯ በክሮቹ መካከል እየገባ ትደናቀፋለች። ንዝረቱ በክሮቹ በኩል ሸረሪቷ ዘንድ ይደርሳል። ሸረሪቷ በድሩ ላይ እየሮጠች ትመጣለች፣ ነክሳ ታደነዝዛታለች፣ ከዚያ ወደ ቱቦዋ ጎትታ ትመገባለች። የምትተማመነው በድሯ ማጣበቅ አይደለም፤ በራሷ ፍጥነት ነው።

(አጭር መሸጋገሪያ ሙዚቃ)

አዘጋጅ፦ አሁን ወደ ስሙ እንግባ። በአማርኛ ሸረሪት እንላለን፤ በአፋን ኦሮሞ ሰራሪቲ ትባላለች፤ በግዕዝ ሳሬት ናት። ሦስቱም ስሞች ሁሉንም ሸረሪት በአንድነት ይጠራሉ። በዓለም ላይ ግን እስካሁን ስም የወጣላቸው የሸረሪት ዝርያዎች ከ50,000 በላይ ናቸው። መቱ ላይ ያለ ተመራማሪና ስዊዘርላንድ በርን ከተማ ላይ የዓለምን የሸረሪቶች መዝገብ የሚይዝ ባለሙያ ስለ አንዲት ሸረሪት ሲጻጻፉ፣ ሁለቱም ያንኑ ፍጥረት ማሰባቸውን የሚያረጋግጥ ስም ያስፈልጋቸዋል። የሳይንስ ስም የተፈጠረው ለዚህ ነው።

የስሙ ታሪክ እንዲህ ነው። በ1757 ስዊድናዊው ካርል ክሌርክ ስለ አገሩ ሸረሪቶች መጽሐፍ አሳተመ። የእንስሳት ሳይንሳዊ ስም በአጠቃላይ የሚቆጠረው የተፈጥሮ ሊቁ ሊኒየስ በ1758 ካሳተመው መጽሐፍ ጀምሮ ነው። የክሌርክ መጽሐፍ ግን በአንድ ዓመት ቢቀድምም ስሞቹ በልዩ ሁኔታ ተቀባይነት አግኝተዋል። ክሌርክ ከሰየማቸው አንዷ ዛሬ «አጌሌና ላቢሪንቲካ» ተብላ የምትታወቀው የአውሮፓና የእስያ ሸረሪት ናት። ላቢሪንቲካ ማለት መውጫና መግቢያው የተጠላለፈ፣ የሚያደናግር መንገድ ያላት ማለት ነው። በ1805 ፈረንሳዊው ቫልከኔር «አጌሌና» የሚለውን የወገን ስም፣ ማለትም የቅርብ ዘመድ ዝርያዎችን የጋራ ስም፣ አወጣ። በ1837 ደግሞ ጀርመናዊው ካርል ሉድቪግ ኮህ እሷንና ዘመዶቿን በአንድ ቤተሰብ ሰብስቦ ከአጌሌና «አጌሌኒዴ» የሚለውን ስም መሠረተ።

ተማሪዎች፣ እዚህ ላይ አንድ ሕግ ጻፉ። የእንስሳት የቤተሰብ ስም ሁልጊዜ የሚያበቃው «ኢዴ» በሚል ድምፅ ነው። ውሻ፣ ቀበሮና ተኩላ ካኒዴ ናቸው። ድመት፣ አንበሳና ነብር ፌሊዴ ናቸው። እኛ ሰዎች በሆሚኒዴ ውስጥ እንመደባለን። ስለዚህ «ኢዴ» ብሎ የሚያበቃ ስም ስትሰሙ፣ የተጠራው አንድ እንስሳ ብቻ ሳይሆን የተዛመዱ ብዙ ወገኖች ስብስብ መሆኑን ወዲያው ማወቅ ትችላላችሁ። አጌሌኒዴ በሚለው ስም ሥር ከ1,300 በላይ ዝርያዎች አሉ። ለዕፅዋት የተለየ መጨረሻ አለ፤ የእኛ ቡና ለምሳሌ ሩቢያሴኤ ከሚባለው ቤተሰብ ነው።

ስለ አነባበቡም ልንገራችሁ። እንግሊዝኛን የሚከተሉ መምህራን «አጀሌኒዲ» ይሉታል፤ ላቲንን የሚከተሉ «አጌሌኒዴ» ይላሉ። ሁለቱም ስህተት አይደሉም፤ አንዱን መርጣችሁ እስከ መጨረሻው በእሱ ቀጥሉ። በላቲን ፊደል ስትጽፉ የቤተሰቡ ስም በትልቅ ፊደል ይጀምራል፤ ፊደሉ ግን አይዘምምም። የወገንና የዝርያ ስም ሲሆን ዘመም ባለ ፊደል ይታተማል፤ በእጅ ሲጻፍ ከሥሩ ይሰመርበታል። የወገኑ ስም በትልቅ ፊደል፣ የዝርያው ስም በትንሽ ፊደል ይጀምራል።

ቅደም ተከተሉን ለማስታወስ የራሳችሁን ስም አስቡ። በእኛ አገር የራስ ስም ይቀድማል፣ የአባት ስም ይከተላል። በሳይንስ ስም ግን የዘመዶቹ የጋራ ስም ይቀድማል፤ ዝርያው ለብቻው የሚለይበት ስም ኋላ ይመጣል።

(አጭር መሸጋገሪያ ሙዚቃ)

አዘጋጅ፦ ይህ ሁሉ የአውሮፓ ታሪክ ከኢትዮጵያ ጋር ምን አገናኘው የሚል አድማጭ ካለ፣ መልሱ ከሸዋ ይጀምራል። በምኒልክ የሸዋ ንግሥና ዘመን ኦራዚዮ አንቲኖሪ የሚባል ጣሊያናዊ በአገሩ የጂኦግራፊ ማኅበር ተልኮ በ1876 ወደ ሸዋ ጉዞ ጀመረ። አንኮበር አጠገብ ጣቢያ ተሰጥቶት እንስሳትና ዕፅዋት ሲሰበስብ ኖረ፤ በ1882 እዚያው ሸዋ ውስጥ አረፈ። በ1883 ፒየትሮ ፓቬሲ የተባለ የፓቪያ የእንስሳት ሳይንስ ምሁር ስለ ሸዋ ግዛት ሸረሪቶችና ዘመዶቻቸው ጥናት አሳተመ። በዚያ ጥናት ውስጥ አዲስ ስም ከሰጣቸው አንዷ «አጌሌና ሌውኮፒጋ» ናት። ሌውኮፒጋ ከግሪክ የመጣ ቃል ሲሆን ከኋላዋ ነጭ የሆነች ማለት ነው።

በ1967 ፊንላንዳዊው ሌህቲነን ይህችን ሸረሪት ከአውሮፓዎቹ አጌሌናዎች ለይቶ «ሚስታሪያ» የሚባል አዲስ ወገን መሠረተላት። ስለዚህ ዛሬ ሙሉ ስሟ «ሚስታሪያ ሌውኮፒጋ» ነው። ከስሟ ቀጥሎ ፓቬሲ 1883 ተብሎ በቅንፍ ይጻፋል። ቅንፉ ትርጉም አለው። ፓቬሲ ለዝርያዋ ስም ሲያወጣ በሌላ ወገን ውስጥ መድቧት እንደነበረና በኋላ ወደ አዲስ ወገን እንደተዛወረች ይነግረናል። ቅንፍ ከሌለ ግን ዝርያው መጀመሪያ በተመደበበት ወገን እንዳለ ነው ማለት ነው። በመጽሐፍ ላይ ይህን ቅንፍ ስታዩ እንደ ጌጥ አትለፉት።

እዚህ ላይ አንድ ቁም ነገር ያዙ። ሌውኮፒጋ ከአጌሌና ወደ ሚስታሪያ ብትዛወርም ቤተሰቧ አልተለወጠም፤ አሁንም አጌሌኒዴ ናት። ሚስታሪያ የሚባለው የመላው የአፍሪካ ወገን የተመሠረተው በእሷ ነው። ከምሥራቅና ከመካከለኛው አፍሪካ እስከ የመን ድረስ ትገኛለች። በቅርብ ዓመታት በኬንያ የሚገኙ የሚስታሪያ ዝርያዎች እንደገና ሲጠኑ፣ ተመራማሪዎቹ መነሻ ያደረጉት በሸዋ ናሙና የተሰየመችውን ይህችኑ ሸረሪት ነው።

ወደ ምዕራብ ስንሄድ፣ በጋቦን ደን ውስጥ «አጌሌና ኮንሶሲያታ» የምትባል ሌላ የአፍሪካ ዝርያ አለች። ሸረሪት በአብዛኛው ብቸኛ ናት፤ ጎረቤቷንም ትበላለች። ይህች ግን በብዙ መቶ ሆና በአንድ ሰፊ ድር ላይ ትኖራለች፤ ድሩን አብረው ይሠራሉ፣ ያደኑትን አብረው ይበላሉ። ኮንሶሲያታ ማለትም የተባበረች ማለት ነው። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የሚለውን ተረት ቃል በቃል የሚኖር ፍጥረት ቢፈለግ እሷ ናት።

(አጭር መሸጋገሪያ ሙዚቃ)

አዘጋጅ፦ አሁን ወደ ዋናው ነገር ደርሰናል። ስሙን በትክክል ማወቅ ለምን ይጠቅማል?

በስልካችሁ ላይ ስለ ቱቦ ድር ሸረሪት ብትፈልጉ፣ ብዙውን ጊዜ ቀድሞ የሚመጣው በአውስትራሊያ ሰው የገደለችው ጥቁር ሸረሪት ወሬ ነው። ያንን ያየ ሰው በማግሥቱ አጥሩ ላይ ባለ ቱቦ ድር ሲያይ ቢደነግጥ አይፈረድበትም። ልጆቹ ከዚያ አጥር እንዳይደርሱ ይከለክላል፤ ቁጥቋጦውንም ያቃጥል ይሆናል። ግን የተነገረው ስለ ሌላ ቤተሰብ ነው።

የአውስትራሊያዋ «አትራክስ ሮቡስተስ» ትባላለች። ስሟን ያወጣው በ1877 እንግሊዛዊው ፒካርድ ካምብሪጅ ነው። ቤተሰቧ «አትራሲዴ» ነው። የዚህ ቤተሰብ ሸረሪቶች የሚኖሩት በምሥራቅና በደቡብ ምሥራቅ አውስትራሊያ ብቻ ነው። አፍሪካ ውስጥ የሉም። በ1927 እና በ1981 መካከል በእነዚህ ሸረሪቶች ምክንያት 13 ሰዎች መሞታቸው ተመዝግቧል። በ1981 ዶክተር ስትሩአን ሰዘርላንድና ባልደረቦቹ የመርዙን ማርከሻ መድኃኒት ሠሩ፤ ከዚያ ወዲህ በእነዚህ ሸረሪቶች የሞተ ሰው አልተመዘገበም። ለሰው ይበልጥ አደገኛው ወንዱ ነው፤ ሴቷን ፍለጋ ከጉድጓዱ ወጥቶ ሲዞር ቤት ውስጥ ይገባልና።

አጌሌኒዴና አትራሲዴ የሥጋ ዝምድናቸው እጅግ ሩቅ ነው። አትራሲዴ ከትላልቆቹ ጠጉራም ሸረሪቶች ጋር በአንድ ሰፊ ክፍል ይመደባሉ። የመርዝ ጥርሶቻቸው ጎን ለጎን ሆነው ከላይ ወደ ታች ይወጋሉ። የአጌሌኒዴ ጥርሶች ግን ከግራና ከቀኝ መጥተው ይገናኛሉ። ሁለቱ የሚመሳሰሉት ቱቦ ያለው ድር በመሥራታቸው ብቻ ነው። አንድ ዓይነት ቤት መሥራት ዘመድ አያደርግም። በተራ ስም ስንጠራቸው ልዩነቱ ይጠፋል፤ በቤተሰብ ስማቸው ስንጠራቸው ወዲያው ይታያል።

የእኛው አፍሪካም ሌላ ትምህርት አላት። በሣር ሜዳ ቱቦ ያለው ድር የሚሠሩት አጌሌኒዴ ብቻ አይደሉም። «ሂፓሳ» የሚባል ወገን አለ፤ ቤተሰቡ ሊኮሲዴ ነው። ሊኮሲዴ በአብዛኛው ድር ሳይሠሩ እየሮጡ የሚያድኑ ሸረሪቶች ናቸው፤ ሂፓሳ ግን ሣር ላይ ድር ትዘረጋለች። «ዩፕሮስቴኖፕስ» የሚባለው ወገን ደግሞ ከፒሳውሪዴ ቤተሰብ ነው፤ እሱም ተመሳሳይ ድር ይሠራል። ስለዚህ ድሩን ብቻ አይቶ ይህች አጌሌኒዴ ናት ማለት አይቻልም።

ታዲያ በምን እንለያት? አብረው ሲታዩ የሚረዱ ሁለት ቀላል ምልክቶች አሉ። አንደኛ፣ የአጌሌኒዴ ሸረሪት በስተኋላዋ ድር የምትፈትልባቸው ብልቶች አሏት። ከእነዚህ ሁለቱ ረጃጅም ስለሆኑ ከሆዷ ጫፍ አልፈው ይታያሉ። ሁለተኛ፣ እናትየዋ እንቁላሏን እንዴት እንደምትይዝ ተመልከቱ። የሊኮሲዴ እናት የእንቁላል ከረጢቷን ከኋላዋ አጣብቃ ትዞራለች፤ ልጆቿ ሲፈለፈሉም ጀርባዋ ላይ ትሸከማቸዋለች። የፒሳውሪዴ እናት ከረጢቱን በአፏ ይዛ ትሄዳለች። የአጌሌኒዴ እናት ግን ከረጢቱን ይዛ አትዞርም፤ ድሯ አጠገብ ወይም መሸሸጊያዋ ውስጥ አጣብቃ ታስቀምጠዋለች። ማጉያ መነጽር የሌለው ተማሪም ይህን በትዕግሥት አይቶ መለየት ይችላል።

(አጭር መሸጋገሪያ ሙዚቃ)

አዘጋጅ፦ የቤተሰብ ስም በቤተ ሙከራም ሥራ ላይ ነው። በሰሜን አሜሪካ «አጌሌኖፕሲስ» የሚባል የአጌሌኒዴ ወገን አለ፤ አጌሌናን የምትመስል ማለት ነው። ከመርዟ የተገኘው ንጥረ ነገር «አጋቶክሲን» ተባለ። የነርቭ ሳይንቲስቶች ካልሲየም ወደ ነርቭ ሕዋስ የሚገባባቸውን አንዳንድ በሮች በዚህ ንጥረ ነገር እየዘጉ ነርቮች መልእክት እንዴት እንደሚለዋወጡ ያጠናሉ።

የአውስትራሊያዎቹ መርዝ ደግሞ «ሄክሳቶክሲን» በሚል ስም ይታወቃል። ይህ ስም ሸረሪቶቹ ያኔ ከተመደቡበት ሄክሳቴሊዴ ከሚባል ቤተሰብ የተወሰደ ነው። በ2018 በዘረ መል ጥናት ላይ ተመሥርተው ተመራማሪዎች አትራሲዴ ራሱን የቻለ ቤተሰብ ነው ብለው ለዩት። ሸረሪቶቹ ከሄክሳቴሊዴ ወጡ፤ የመርዙ ስም ግን የቀድሞውን ቤተሰብ እንደያዘ ቀረ። ስለዚህ ከ2018 በፊት የታተመ መጽሐፍ ሄክሳቴሊዴ ቢል፣ አዲሱ አትራሲዴ ቢል፣ አትደናገሩ፤ ስለ አንድ ሸረሪት ነው የሚናገሩት። በ2025 ደግሞ አትራክስ ሮቡስተስ ስትባል የኖረችው በእርግጥ ሦስት ዝርያዎች መሆኗ ተገልጿል። የሳይንስ ስም የሚለወጠው ሰዎች ስለሚሰለቹት አይደለም። እውቀት ሲጠራ ስሙም አብሮ ይስተካከላል። ከአውስትራሊያዎቹ ሸረሪቶች መርዝ ተነሥቶም ለተባይ መከላከያ የሚረጭ ምርት በአሜሪካ ተሠርቷል፤ የሚያጠቃው ነፍሳትን ነው።

አሁን ወደ እኛው ኢሉባቦር እንምጣ። ያዮ የቡና ደን በ2010 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ስፍራ ሆኖ ተመዝግቧል። የተመዘገበው በዱር ለሚበቅለው ቡናችን ነው። ደኑ ግን ዛፍና ቡና ብቻ አይደለም። በጥላው ሥር ነፍሳትን የሚበሉ ሸረሪቶች፣ ሸረሪቶችን የሚበሉ ወፎች፣ አበባ የሚያዳቅሉ ንቦች አሉ። ሸረሪት በማሳና በደን ያለ ምንም ክፍያ ነፍሳትን ትቀንሳለች። አጥር ላይ የተዘረጋውን ድር በፍርሃት ማቃጠል ይህችን ረዳት ማጥፋት ነው።

የአጌሌኒዴ ንክሻ ለሰው በአጠቃላይ አደገኛ አይደለም። በአሜሪካ ከዚህ ቤተሰብ የሆነች አንዲት ሸረሪት ሥጋ የሚያበሰብስ ቁስል ታመጣለች ተብላ ለብዙ ዓመታት ተፈርታ ነበር፤ በኋላ የተደረጉ ጥናቶች ግን ክሱን አልደገፉትም። ይህ ማለት ግን ማንኛውም ሸረሪት ይነካካ ማለት አይደለም። በአገራችን ሌሎች መርዛማ ሸረሪቶች ስላሉ፣ ልጆች እጃቸውን ወደ ቱቦ ወይም ወደ ጉድጓድ እንዳይከቱ አስተምሯቸው። የተነከሰ ሰው ካለ ቦታውን በሳሙናና በውኃ እጠቡ፤ በንጹሕ ጨርቅ የተጠቀለለ ቀዝቃዛ ነገር ያዙበት። አትብጡት፣ አትምጠጡት። ሕመሙ ከጨመረ፣ ላብ ካጠመቀው፣ ጡንቻው ከተኮማተረ ወይም ትንፋሽ ካጠረው ሳትዘገዩ ወደ ቅርብ ጤና ጣቢያ ወይም ወደ መቱ ካርል ሆስፒታል ውሰዱት። ሸረሪቷን ሳትነኩ ፎቶ ማንሳት ከቻላችሁ ለባለሙያው አሳዩ። «ሸረሪት ነከሰኝ» ከማለት ይልቅ የትኛዋ እንደሆነች መታወቁ ሐኪሙን ይረዳዋል።

(አጭር መሸጋገሪያ ሙዚቃ)

አዘጋጅ፦ አድማጮቻችን፣ ትምህርታችንን እናጠቃልል። አጌሌኒዴ የቤተሰብ ስም ነው፤ መጨረሻው «ኢዴ» መሆኑ ይህን ይነግረናል። የተመሠረተው በ1837 ሲሆን መነሻው አጌሌና የሚለው የወገን ስም ነው። ከኢትዮጵያ በ1883 የተሰየመችው ሚስታሪያ ሌውኮፒጋ የዚህ ቤተሰብ ናት። አደገኛዎቹ የአውስትራሊያ ሸረሪቶች አትራሲዴ ናቸው፤ ከእኛ አገር ርቀው ይኖራሉ። የድር መመሳሰል የዝምድና ማስረጃ አይሆንም።

ለተማሪዎች ሦስት ጥያቄዎች አሉኝ። አንደኛ፣ ፌሊዴ፣ ሊኮሲዴና ሩቢያሴኤ ከሚሉት ስሞች የእንስሳ ቤተሰብ ያልሆነው የትኛው ነው? በምን አወቃችሁ? ሁለተኛ፣ የአንድ ዝርያ ስም ቀጥሎ የሰያሚው ስምና ዓመት በቅንፍ ቢጻፍ ምን ትረዳላችሁ? ሦስተኛው የመስክ ሥራ ነው። በዚህ ሳምንት ጤዛ ባለበት ማለዳ በትምህርት ቤታችሁ አጥር ዙሪያ ቱቦ ያላቸውን ድሮች ፈልጉ። ሳትነኩ ተመልከቱ። የድሩን ቅርጽ፣ ሸረሪቷ ከድሩ በላይ ትሮጥ ወይም ከሥሩ ትንጠልጠል እንደሆነ፣ የእንቁላል ከረጢቷን የት እንዳደረገች ጻፉ። ቀኑንና ቦታውንም መዝግቡ። ከዚያ ደብተራችሁን ይዛችሁ ከባዮሎጂ መምህራችሁ ጋር የትኛው ቤተሰብ ሊሆን እንደሚችል ተወያዩ። የኢሉባቦር ሸረሪቶች ገና ብዙ አጥኚ ይፈልጋሉ፤ ቀን፣ ቦታና ምልክት በትክክል የሚመዘግብ ተማሪ ለሳይንስ የሚጠቅም ሥራ ጀምሯል ማለት ነው።



(የመዝጊያ ሙዚቃ)